ሳይቀመስ የሚሠራ ወጥ

የፋሲካ ወጥ ከሌላው ጊዜ ወጥ የሚለይበት አንድ ነገር አለ፤ ይኸውም የሚሠራው ሰው ሳይቀምሰው መሠራቱ ነው። ኀምሳ አምስቱ የዐቢይ ጾም ቀኖች የሚፈጸሙት ሌሊት ዶሮ ሲጮኽ ስለ ሆነ፥ በቀዳም ሥዑር ከድስት አጠገብ የምትውል እናት ጨው በዛ ወይም አነሰ ብላ ጭልፋዋን ወደ አፏ አታደርስም። ይኽን ነገር በድቁናችንም ሆነ በመምህርነታችን ዘመን ስናውቀው ኖረናል፤ ክብደቱን የተረዳነው ግን በ2016 ዓ.ም. ሚያዝያ 26 ቀን፥ ጭልፋው በእጃችን በገባ ጊዜ ነው።

ቤታችን በአዲስ ከተማ፥ ከዱባይ ተራ ጥቂት ርቆ ይገኛል። በኢጣልያ ወረራ ዘመን (ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም.) ታላቁ ገበያ ከአራዳ ጊዮርጊስ አጠገብ ወደ መርካቶ ከተዛወረ ወዲህ፥ ስፍራው በየተራው እየተከፋፈለ አድጓል። ከእነዚህም ተራዎች መካከል ዱባይ ተራ ከታናናሾቹ አንዱ ሲሆን፥ ስሙን ያገኘው ነጋዴዎች ከዱባይ ከሚያመጡት ልብስና ዕቃ ነው። በበዓል ሰሞን በዚያ የሚያልፍ ሰው ሕዝቡ ይወስደዋል እንጂ በገዛ እግሩ ሄደ አይባልም።

ባለቤታችን ከሆሳዕና በፊት በነበረው ዓርብ ለልጆቹ የበዓል ልብስ ልትገዛ ወደዚያ ሄደች። እኛ ግን የተማሪዎች ፈተና የምናርመው አለን ብለን ቀረን። በመንገድም አንድ ተሸካሚ ከባድ ዕቃ ተሸክሞ ሲያልፍ ሕዝቡ ገሸሽ ቢል፥ እርሷ ተገፍታ ወደቀችና ቀኝ ክንዷ ተሰበረ። ክንዷ በጄሶ ታስሮ፥ ጎረቤቶች ደግፈው ወደ ቤት ባመጧት ጊዜ ከአፋችን የወጣው የመጀመሪያው ቃል «እግዚአብሔር ይማርሽ» የሚል አልነበረም፤ «በዚህ ሰሞን ምን ወሰደሽ?» የሚል ነበር እንጂ። እርሷም ልብሶቹ ያሉበትን ፌስታል በግራ እጇ አስቀምጣ ዝም አለች። ያም ዝምታ ሰሙነ ሕማማትን ሁሉ ከእኛ ጋር ተቀምጦ ሰነበተ።

ቀዳም ሥዑር በደረሰ ጊዜ ወጡን እኛ እንድንሠራው ተቈረጠ። የዶሮ ብልት ማውጣት ከችሎታችን በላይ ስለ ሆነ፥ ለዘንድሮ የበግ ወጥ ይበቃናል ተባለ። ባለቤታችን በበሩ አጠገብ በበርጩማ ተቀመጠች፤ እኛም ሽርጥ ታጥቀን ከምድጃው ፊት ቆምን። የዐሥራ ሁለት ዓመት ልጃችን ይኽን አይታ፥ «ዛሬ የኔታ እማዬ ናት፤ አባዬ ተማሪ ነው» ብላ ሳቀች።

ለሁለት ኪሎ የበግ ሥጋ ሁለት ኪሎ ቀይ ሽንኩርት ከተፍን። ሽንኩርቱም ቅቤ ሳይነካው በደረቁ ድስት መቍላላት ጀመረ። እኛ እንደ ትምህርት ቤት ልማዳችን ሰዓታችንን አውጥተን ስንመለከት፥ «መምህር፥ ሰዓቱን ይተዉትና ሽንኩርቱን ይስሙት» አለችን። «ውኃ ሳለው ድምፁ ወፍራም ነው፤ ውኃው ሲያልቅ ይቀጥናል። ሲቀጥን ጠብታ ውኃ ጣል ያድርጉበት።» ግእዙን ከዕዝሉ፥ ዕዝሉን ከአራራዩ ለመለየት ብዙ ዓመት የደከመው ጆሯችን፥ ዐሥራ ስድስት ዓመት በአንድ ቤት ሲኖር ይኽን ድምፅ ሳይሰማ መቅረቱ አሳፈረን።

ሽንኩርቱ ከቀላ በኋላ አንድ ብርጭቆ በርበሬና ሩብ ኪሎ ንጥር ቅቤ ገባ፤ በርበሬው እንዳያር ውኃ እየተንጠባጠበበት ግማሽ ሰዓት ያህል በዝግታ ተቍላላ። ልጃችን «በርበሬ ከማን አገር መጣ?» ስትል ጠየቀች። እኛም፥ ኮረሪማ የገዛ ደናችን ፍሬ እንደ ሆነ፥ ቍንዶ በርበሬና ዝንጅብል ግን ከእስያ በባሕር እንደ መጡ፥ ቀዩ በርበሬም የአሜሪካ ተክል ስለ ሆነ ኮሎምቦስ በ1492 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ባሕሩን ከመሻገሩ በፊት በአገራችን እንዳልታወቀ ነገርናት። «እንግዲያው በርበሬም እንደ ዱባይ ተራ ልብስ ከውጭ መጥቶ ነው የእኛ የሆነው» አለች። እናቷ ፈገግ አለች፤ ከዚያች ዓርብ ወዲህም ስትሥቅ ያየናት ያን ጊዜ ነው።

ነጭ ሽንኩርቱና ዝንጅብሉ፥ ቀጥሎም ሥጋው ገባ። ሥጋው የራሱን ውኃ አውጥቶ ከመጠጠ በኋላ ፍል ውኃ ጨመርንበትና ክዳኑን ገጥመን ቆየን። በተማሪ ቤት ሳለን «በእንተ ስማ ለማርያም» ብለን የለመንነው ቍራሽ ከየትኛው ደጅ እንደ ተሰጠን እናስታውስ ነበር፤ በቤታችን ግን ሳንለምን ስለሚቀርብልን የማን ድካም እንደ ሆነ መጠየቅን ረስተን ኖረናል።

የጨው ነገር በመጣ ጊዜ መቅመስ ስለማይፈቀድ ስንት ማንኪያ እንደሚበቃ ጠየቅን። «እኔ በመዳፌ ነው የምለካው» አለች። ቀኝ መዳፏ ከጄሶው ጫፍ አብጦ ይታያል። ስለዚህ ግራ እጇን ዘረጋችልን፤ እኛም በተዘረጋው መዳፍ ላይ ጨውን ጥቂት በጥቂት አፈሰስን፤ «ይበቃል» ባለች ጊዜ ቆምን። ያን ጊዜ ስለዚያች ዓርብ ቃል ይቅርታ ጠየቅናት፤ እኛም ከእርሷ ጋር ልንሄድ ይገባን እንደ ነበረ ነገርናት። እርሷም ጥቂት ዝም ካለች በኋላ፥ «ጨውን ከጨመሩ በኋላ እሳቱን ይቀንሱ፤ መከለሻውንም አይርሱ» አለች። ድምፅዋ ግን የቀድሞው ድምፅዋ ነበር።

ሌሊት ከቅዱስ ራጉኤል ቤተ ክርስቲያን ተመልሰን ማዕዱን ባረክን። ልጆቹ ከዱባይ ተራ የመጣውን ልብስ ለብሰው ተቀመጡ። የመጀመሪያውን ጕርሻ ለባለቤታችን አጐረስናት፤ ሁላችንም ፊቷን እንመለከት ነበር። «ጨው ትንሽ አንሶታል» አለች። እኛ ስናፍር ባየችን ጊዜ፥ «ያነሰ ጨው ይጨመርበታል፤ የበዛውን ግን ማን ያወጣዋል?» ብላ ጨው አስመጣች። የነገሩን ትርጓሜ እርሷ አልተናገረችውም፤ እኛ ግን ቃላችንን አስታውሰን ተቀበልነው።

እንግዲህ በየቤታችሁ ያላችሁ አባቶች፥ የበዓሉ ወጥ እንዴት እንደሚሠራ ለማወቅ የሚስቶቻችሁ ክንድ እስኪሰበር አትጠብቁ። የባለቤታችን ጄሶ በሰኔ መጀመሪያ ተፈትቶ ክንዷ ድኗል። ከዚያ ወዲህ ግን ለበዓል ገበያ የምንወጣው አብረን ነው፤ ሽንኩርቱንም የምንከትፈው እኛ ነን። ጨው ግን እስከ ዛሬ ድረስ በእርሷ መዳፍ ይለካል።