ዐይናማው ዛጎል

በመምህርነት ዘመናችን ከተናገርናቸው ቃላት አንዲቱ እስከ ዛሬ ትቈረቍረናለች። ቀድሞ በከተማችን በነበረው የሼል ነዳጅ ማደያ ላይ እንደ ማራገቢያ ተዘርግቶ የተሣለውን ቢጫ ዛጎል ለተማሪዎቻችን እየጠቀስን፥ «ይህ ፍጥረት ዐይንም እግርም የለውም፤ ጠላት ሲመጣበት ደጁን ዘግቶ ከመቀመጥ በቀር ሌላ ብልሃት አያውቅም» አልን። አንድ ልጅ ከኋላ ተነሥቶ፥ «መምህር፥ ጠላቱ ደጁን መክፈት ቢችልስ?» ሲል ጠየቀ። እኛም «ተቀመጥ» አልነው። ተቀመጠ፤ ከዚያም በኋላ እጁን ሲያነሣ አላየነውም።

በዓመቱ መጻሕፍት ስንመረምር ልጁ የጠየቀው ነገር እውነተኛ ሆኖ አገኘነው። የባሕር ኮከብ የሚባለው አውሬ በክንዶቹ ሥር በተደረደሩት ጥቃቅን እግሮች የዛጎልን ሁለት ቅርፊቶች ይዞ ቀስ በቀስ ይፈለቅቃቸዋል፤ ከዚያም የገዛ ጨጓራውን ወደ ውስጥ ሰድዶ ሥጋውን እዚያው ያሟሟዋል። ደጅ መዝጋት ምን ይረባል?

ስለዚህ ያ ማራገቢያ መሳይ ዛጎል፥ በፈረንጅ አፍ ስካሎፕ የሚባለው፥ ይሸሻል። በቅርፊቶቹ ከንፈር ዙሪያ እንደ ዶቃ የተደረደሩ ዐይኖች አሉት፤ ቍጥራቸውም እስከ 200 ይደርሳል። በእያንዳንዱ ዐይን ውስጥ በስተ ኋላ በኩል ብርሃንን የሚሰበስብ መስተዋት አለ። መስተዋቱ ከጥቃቅን አራት ማዕዘን ቅንጣቶች እንደ ንጣፍ ድንጋይ ተገጣጥሞ የተሠራ መሆኑን ተመራማሪዎች እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ2017 ዓ.ም. ገልጠዋል። እኛ ዐይን የለውም ያልነው እንግዲህ ይህንን ነው!

ዐይኖቹ ጥላንና እንቅስቃሴን ያዩለታል፤ በመካከላቸው የሚዘረጉት ቀጫጭን መዳሰሻዎች ደግሞ የባሕር ኮከብን ጠረን ይለያሉ። ያን ጊዜ ቅርፊቶቹን እንደሚያጨበጭብ እጅ እያጋጨ ውሃውን ይተፋል፤ በውሃውም ግፊት ከአሸዋው ተነሥቶ ይፈተለካል። የሚዘጋው አንድ ብርቱ ጡንቻ ነው፤ የሚከፍተው ግን በማጠፊያው ላይ ያለ፥ ሲጨመቅ ቈይቶ ሲለቀቅ የሚመለስ፥ ላስቲክ መሳይ ነገር ነው። ድካሙ ብዙ ስለ ሆነ ሩቅ አይሄድም። በአውሮፓ የአትላንቲክ ዳርቻ የሚኖረው ትልቁ ዘር ሲያርፍ በአሸዋው ውስጥ ጕድጓድ አበጅቶ ይተኛል፤ ጠፍጣፋው የላይ ቅርፊቱም በአሸዋ ተሸፍኖ ከወለሉ አይለይም። (ዘሩ ሁሉ ግን አይዋኝም፤ ከዐለት ጋር ተጣብቆ የሚኖርም አለ።)

ይህን ካወቅን በኋላ ክፍል ገብተን ስሕተታችንን በሰሌዳ ላይ ጽፈን አረምን። ተማሪዎቹም ገለበጡ። ያ ልጅ ግን ወላጆቹ ወደ ሌላ አውራጃ ተዛውረው ስለ ነበር በመካከላቸው አልነበረም፤ በወንበሩም ላይ ሌላ ልጅ ተቀምጦበት ነበር።