16 ድንጋይ፣ 15 እንጨት

ጁምዓ ጁምዓ ሥራ የለም። ፀሐይዋ በረድ ስትል እኔና አብሮኝ የሚኖረው የከሚሴ ልጅ ሪያድ ውስጥ በጥሃ ሰፈር ወርደን ሻይ እንጠጣና በእግራችን እስከ መስመክ ምሽግ እንሄዳለን። በ1865 እ.ኤ.አ. ገደማ ከጭቃ ጡብ የተሠራ፣ ዛሬ ሙዚየም የሆነ ግንብ ነው። ጎብኚው ሁሉ በሩ ላይ ይረባረባል፤ አብዱልአዚዝ በ1902 ሪያድን በያዙበት ዕለት የተወረወረ ጦር ጫፉ እዚያ ተሰክቶ ቀርቷል ይባላል። የእኔ ዓይን ግን ግድግዳው ላይ ነው። ቀኑን ሙሉ ጂፕሰም ሲለስን የሚውል ሰው ምርጊት አይቶ ዝም ብሎ ማለፍ አይሆንለትም። ጭቃው ውስጥ ጭዱ ይታያል፤ ልክ እንደ አያቴ ቤት።

እኔ የላስታ ልጅ ነኝ። ጥቅምት 19 በዓሉ ሲመጣ አያቴ ይምርሃነ ክርስቶስ ቤተ ክርስቲያን ይዛኝ ትሄድ ነበር። ከላሊበላ በመኪና 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ እኛ በእግራችን ነበርን። የጥዱን ጫካ አቋርጠህ ስትወጣ ቤተ ክርስቲያኑ አይታይህም፤ የሚታየው የዋሻ አፍ ነው። ገባ ስትል፣ ጨለማው ውስጥ፣ ባለመስመር ቤት ቆሟል። ጥቁር፣ ነጭ፣ ጥቁር፣ ነጭ። ጥቁሩ እንጨት ነው፤ ነጩ የተለሰነ ድንጋይ። ከታች ጀምሬ ወደ ላይ እቆጥር ነበር። መስኮቱ ጋ ስደርስ የመስቀል ቅርጽ ያለው ፍርግርግ ዓይኔን ይወስደውና ይጠፋብኛል። እንደገና ከታች። አያቴ እጄን መታ አድርጋ፣ «ቤተ ክርስቲያን በጣት አይጠቆምም!» ትለኛለች።

ያሠራው ከላሊበላ በፊት የነገሠው፣ ንጉሥም ቄስም የነበረው ይምርሃነ ክርስቶስ ነው፤ ዘመኑ 12ኛው ክፍለ ዘመን ላይ ይቆጠራል። ፈረንጅ ሲመጣ በአብዛኛው የሚያነሳው ከጀርባ ያለውን የአጽም ክምር ነው። እኔን እስከ ዛሬ የሚገርመኝ ግን ያ ጥቁር መስመር ነው፤ ጌጥ ይመስለኝ የነበረው ማገር መሆኑን ያወቅሁት እዚህ መጥቼ፣ ግንባታ ላይ ከዋልኩ በኋላ ነው። ፎቅ ስንሠራ ፌሮ አስረን ቢም የምንሞላው ግድግዳው እንዳይከፈት አይደል? ድንጋይ በጭቃ ብቻ ተያይዞ ከፍ ሲል ሆዱ ይነፋል። በየረድፉ እንጨት አጋድመህ ካሰርከው ግን ይያዛል። የአክሱም ሰዎች ጥበብ ነው። ደብረ ዳሞም እንዲሁ ነው፤ እዚያ የእንጨቶቹ ጫፍ ከግድግዳው ወጣ ወጣ ብሎ ስለሚታይ «የዝንጀሮ ራስ» ይሉታል። ይምርሃነን ደግሞ ዋሻው ዝናብ አላስነካውም።

ላሊበላ ቤተ አማኑኤልን ያየ ሰው ደግሞ ሌላ ነገር ያስተውላል። ከአንድ ዐለት ተፈልፍሎ የወጣ ነው፤ ማገር ምን ያደርግለታል? ጠራቢዎቹ ግን የእንጨቱንና የድንጋዩን ረድፍ አንዱን ገባ አንዱን ወጣ እያደረጉ በድንጋዩ ላይ ቀርጸውታል። ማገር የሌለው ቤተ ክርስቲያን ቤተ ክርስቲያን አልመስላቸው ብሎ ይሆናል ብዬ አስባለሁ።

መስመክ ጥላ ሥር ቆሜ ይህን ስለፈልፍ ጓደኛዬ አቋረጠኝና «ካዕባም እኮ አንድ ጊዜ እንዲህ ነበር» አለኝ። ሳቅሁ። ማታ ክፍላችን ገብተን ስልኩ ላይ ፈልጎ አሳየኝ። ነቢዩ መሐመድ ለነቢይነት ከመጠራታቸው ጥቂት ዓመታት በፊት ቁረይሾች ካዕባን እንደገና ሲሠሩ፣ ሹዐይባ ወደብ ላይ ከተሰበረ መርከብ እንጨት ገዝተው በድንጋይና በእንጨት እያፈራረቁ ገነቡት። የመካው ታሪክ ጸሐፊ አል አዝረቂ ረድፉን ቆጥሮ ትቶልናል፦ 16 ድንጋይ፣ 15 እንጨት፣ በድምሩ 31። ክሬስዌል የተባለው እንግሊዛዊ የሥነ ሕንፃ ታሪክ ሊቅ በ1951 ይህ የአክሱም አሠራር ነው ብሎ ጻፈ። ካዕባን የሠራው አናጢ ባቁም ይባላል፤ ስሙም ከእኛው ዕንባቆም የመጣ ነው ይላል። የድሮዎቹ ጸሐፊዎች ሮማዊ ነው የሚሉትም አሉ፤ እኔ በሰውየው ዜግነት አልከራከርም። ያ ግንብ በ7ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ እንደገና ስለተሠራ ዛሬ የለም። ጓደኛዬ ግን ሌሊቱን ሙሉ «ዕንባቆም!» እያለ እንቅልፍ ነሣኝ።

እኔን እንቅልፍ የነሣኝ 31 ነው። አንድ ሰው ቆጥሮ ጨርሶታል!

እዚህ ቤተ ክርስቲያን የለም፤ በዓል የሚከበረው በስልክ ነው። ዘንድሮ ጥቅምት 19 ታናሽ ወንድሜ ሊሳለም ሲወጣ ረድፉን እንዲቆጥርልኝ አደራ አልኩት። ማታ ደወለ። ከበሮው ገና ጆሮው ላይ እንዳለ ድምፁ ያስታውቃል።

«ስንት ሆነ?»

«ወንድም ጋሼ፣ መስኮቱ ጋ ስደርስ ጠፋብኝ።»