ነገርን የሚለውጥ ሽመና

ልጄ ትናንት ማታ «አባዬ፣ ድንጋይ ሲያስገቡለት እንጀራ አድርጎ የሚያወጣ የሽመና ማሽን ቢኖርስ?» አለችኝ። ልቤ ወዲያው ጎንደር ገባ።

በልጅነቴ ሸማኔው እግሮቹን ጉድጓድ ውስጥ ከትቶ በድሩ መሐል መወርወሪያውን ሲያመላልስ ቆሜ አይ ነበር። እናቴ በእንዝርት የፈተለችው ልቃቂት ጋቢ ሆኖ ይመለሳል። ንፋስ የሚያበነው ጥጥ የደባርቅን ብርድ ይመክታል።

በነገሥታቱ ዘመን ደግሞ ከቻይና የመጣ ሐር ጎንደር ላይ የቤተ ክርስቲያን መጋረጃ ሆኗል፤ ቁመቱ ከ5 ሜትር ያልፋል። ጥልፍ እንዳይመስላችሁ። ባለሙያው ድሩን ቀዳዳ ባላቸው ትናንሽ ሰሌዳዎች አሳልፎ፣ ሰሌዳዎቹን እያዟዟረ፣ ንጉሡንና ንግሥቲቱን ከፈትሉ ከራሱ አወጣቸው። አፄ በካፋና እቴጌ ምንትዋብ ሳይሆኑ አይቀሩም ይባላል። መጋረጃውን እንግሊዞች በ1860 ዓ.ም. ከመቅደላ ወሰዱት፤ ዛሬ ለንደን፣ ብሪቲሽ ሙዚየም ውስጥ ነው።

እኔን ይበልጥ የሚያመኝ ግን ሌላ ነው። ነገርን የሚለውጥ እጅ እኛ ዘንድ ተፈርቷል። ጎንደር አጠገብ በወለቃና በአካባቢው የኖሩት አይሁዳውያን ቤተ እስራኤሎች ብረቱን ማረሻ፣ ጭቃውን ጀበና፣ ፈትሉን ኩታ ሲያደርጉ «ቡዳ ናቸው፣ ሌሊት ጅብ ይሆናሉ» ተባሉ። የሸመኑትን ለብሰን፣ በቀጠቀጡት አርሰን በልተን፣ ዓይናቸውን ሸሸን። አብዛኞቹ ወደ እስራኤል ሄደዋል።

«ማሽኑማ ነበረን፣ ልጄ» አልኳት። ባለ እጆቹን ምን ብለን እንደጠራናቸው ግን ገና አልነገርኳትም።