አንድ ቀን በጎንደር

ሰው ጎንደር የሚሄደው ወይ ለጥምቀት ነው፣ ወይ ለዘመድ ሠርግ፣ ወይ ግንቡን ለማየት። እኔና እናቴ ግን የምንሄደው ለለቅሶ ነው። የምናለቅስለት ሰው ካለፈ ከአርባ ዓመት በላይ ሆኖታል።

ነገሩ እንዲህ ነው። አጎቴ በ1970 ዓ.ም.፣ ቀይ ሽብር በጎንደር በበረታበት ወቅት፣ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ነበር። አንድ ማታ ፒያሳ አጠገብ ከነበረው ቤታቸው ተጠርቶ ወጣ፤ አልተመለሰም። ሬሳውም አልተሰጠ። ለቅሶ መቀመጥ ክልክል ነበርና አያቴ ነጠላዋን ሳታዘቀዝቅ ቀረች። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ተለውጦ ሰው ሁሉ የልጁን አፅም ፍለጋ ሲወጣ፣ «ፍትሐት ይደረግለት» ቢሏት «ላልሞተ ልጅ?» እያለች መለሰች። እንዲሁ እንደ ጠበቀች አረፈች።

ባለፈው ወር እናቴ «ጎንደር ውሰጂኝ፤ አንድ ቀን ይበቃኛል» አለችኝ። ጋዜጠኝነት የተማረ ሰው ልማድ አይለቀውምና ቀኑን በሰዓት እየከፋፈልሁ ጻፍሁ። ማለዳ ደብረ ብርሃን ሥላሴ፤ አድያም ሰገድ ኢያሱ ያሠሩት፣ መላእክት ከጣሪያው ቁልቁል የሚመለከቱበት፣ በ1880 ዓ.ም. ደርቡሾች የከተማዋን አብያተ ክርስቲያናት ሲያቃጥሉ የተረፈው። ያተረፈው የንብ መንጋ ነው ይላሉ አባቶች። በሦስት ሰዓት ፋሲል ግቢ፤ አፄ ፋሲል በ1628 ዓ.ም. ጎንደርን ከቆረቆሩ ወዲህ ነገሥታቱ ግንብ በግንብ ላይ የጨመሩበት። ከምሳ በኋላ ጥምቀተ ባሕሩ። ሰዓት ከተረፈ ደግሞ ቁስቋም።

እናቴ መነጽሯን አድርጋ እስከ መጨረሻው አነበበችው።

«ጥሩ ሽርሽር ነው» አለች። «ወንድሜ ግን የቱ ጋ ነው?»

አፈርሁ። ለነገሥታቱ ሁሉ ሰዓት መድቤ፣ ለሄድንለት ሰው አንዲት ደቂቃ አልተውሁለትም ነበር።

«ቁስቋምን አስቀድሚ» አለችኝ። «እመቤታችን ልጇን ከሄሮድስ ይዛ ያመለጠችበት ስም ነው። እናቴ እዚያ ነበር የምትሳለመው።»

እኔም የማውቀውን ታሪክ እንደ አዲስ አሰብሁት። ቁስቋምን ያሠሩት እቴጌ ምንትዋብ ናቸው። ልጃቸው ዳግማዊ ኢያሱ በ1747 ዓ.ም. ሞቱባቸው፤ የልጅ ልጃቸው ኢዮአስ በ1761 ዓ.ም. ተገደሉባቸው፤ እሳቸው በ1765 ዓ.ም. አረፉ። ዛሬ የሦስቱም አፅም እዚያው ቁስቋም በአንድ ላይ ይገኛል። አንባቢ ሆይ፣ ልጅ የሞተባት እናት፣ ንግሥትም ትሁን ባልቴት፣ ሐዘኗ አንድ ነው። አያቴ ግን እንደ እቴጌይቱ ከልጇ አፅም ጎን ማረፍን እንኳ አላገኘችም።

አሮጌውን ዕቅድ ቀደድሁት። የመንገዱ ነገር ስለማያስተማምን በዋዜማው በአውሮፕላን አዘዞ እንወርዳለን። በማግሥቱ ጧት ቁስቋም፤ ካህናቱ ፍትሐቱን ያደርሳሉ። ከዚያ እናቴ ጉልበቷ እንደ ፈቀደላት ፒያሳ ድረስ በዝግታ፤ ቤታቸው ከነበረበት ደጅ ጥቂት እንቆማለን። ግንቡን ስናልፍ ከውጭ እናየዋለን። ከሰዓት በኋላ ያለውን ባዶ ተውሁት፤ ዕንባ በቀጠሮ አይመጣምና።

አንድ ነገር ቀረ። ፍትሐት በክርስትና ስም ነው የሚደረገው።

«እማዬ፣ የክርስትና ስሙን ታውቂዋለሽ?»

ዝም አለች። አያቴ ያን ስም ለካህን አልሰጥም ብላ ዕድሜዋን ሙሉ ይዛው እንደ ኖረች ያን ጊዜ ገባኝ። ስሙን ለፍትሐት መስጠት፣ ሞቷል ማለት ነበር።

እናቴ ብዙ ከቆየች በኋላ እስክሪብቶዬን ተቀበለችኝ። ከወረቀቱ ግርጌ፣ በተንቀጠቀጠ እጅ፣ አንድ ስም ጻፈች። እዚህ አልደግመውም። ወረቀቱን አጠፈችና በነጠላዋ ጫፍ ቋጠረችው።