«ቲቸር፣ ተሳሳቱ!»

ዕድሜዬን ከጠመኔ ብናኝ ጋራ በአንደኛ ክፍል ሕፃናት መካከል ያሳለፍሁ መምህር ነኝና፣ ዛሬ በክፍል ውስጥ ስለሚደረግ ንጹሕ ቀልድ ልጽፍላችሁ ወደድሁ፤ ነገሩ ኢምንት ቢመስልም፣ የሕፃን አንደበት የሚፈታበት ምሥጢር በውስጡ እንዳለ በብዙ ዘመን ተመልክቻለሁ።

ጠዋት ወደ ክፍል ገብቼ ያለ አንዳች ፈገግታ «ልጆች፣ እንደምን አመሻችሁ?» ስል፣ ወይም መጽሐፉን ዘቅዝቄ ይዤ ማንበብ ስጀምር፣ ሕፃናቱ አስቀድመው ዝም ይላሉ፣ ቀጥለውም እርስ በርሳቸው ይተያያሉ፤ ታላቅን ማረም ነውር ነው ተብለው ያደጉ ናቸውና፣ ዓይናቸው ያየውን አፋቸው ለመናገር ይፈራል። በአንድ ዓመት፣ ትምህርት ከተከፈተበት ከመስከረም ጀምሮ እስከ ኅዳር ድረስ ድምፅዋን ያልሰማሁት አንዲት ልጅ ነበረችኝ፤ ስሟ ሲጠራ እንኳ እጇን ብቻ ታነሣ ነበር። አንድ ቀን ታዲያ ፊደል ስቈጥር ከ«ሀ» ቀጥዬ «ለ»ን ዘልዬ «ሐ»ን በሰሌዳው ላይ ብጽፍ፣ ከኋላ ወንበር ብድግ ብላ «ቲቸር፣ ተሳሳቱ!» አለችኝ፤ ክፍሉም በሣቅና በፍሥሐ ተመላ። እኔም እጅ ነሥቼ ጠመኔውን አስረከብኋት፤ እርሷም በቁመቷ ልክ ከሰሌዳው ግርጌ «ለ»ን ጻፈችልን።

ቀደምት አበውም ይህን ጥበብ በሌላ መልኩ ያውቁት ነበር። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት 33ቱን ፊደላት ከነ7 ድምፃቸው፣ ማለት 231ዱን ሁሉ፣ በተራ ቈጥሮ የጨረሰ ተማሪ ዜማውን ብቻ ሸምድዶ ፊደሉን ሳይለይ ሊቀር ይችላልና፣ የኔታ ተራውን አፋልሰው «አ ቡ ጊ ዳ ሄ ው ዞ» እያለ በሚሄደው በአቡጊዳ ያስቈጥሩታል፤ በዚያን ጊዜ ምላሱ ወደ ለመደው ሊሮጥ ሲል ዓይኑ ይመልሰዋል። ይህ ቀልድ አይደለም፤ ሆኖም የተፋለሰ ተራ የነቃውን ልቡና ካንቀላፋው እንደሚለይ ያስረዳናል።

ነገር ግን ቀልድ ሁሉ ንጹሕ አይደለም፤ እኔም በድያለሁ። በጀማሪነቴ ዘመን መጋቢት 23 ቀን፣ ማለት ፈረንጆች ኤፕሪል 1 ብለው በሚቀልዱበት ዕለት፣ «ዛሬ ድንገተኛ ፈተና አለ» ብዬ ብናገር፣ አንድ ልጅ አቀርቅሮ ያለቅስ ጀመር። ቀልድ መሆኑን ብነግረውም ዕንባው አልቆመም፤ ለካ እርሳሱን ከታላቅ እኅቱ ጋራ በፈረቃ የሚጠቀም ኖሯል፣ ያን ቀንም ተራው የእርሷ ነበር። ከዚያ ወዲህ የሕፃንን ፍርሃት፣ የቤቱን ድኽነት፣ መልኩንና ስሙን የቀልድ መሣሪያ ላላደርግ ከኅሊናዬ ጋራ ቃል ኪዳን ገባሁ። «ዳይሬክተሩ ይጠሩሃል» ተብሎ በሐሰት የተላከ ሕፃን ብቻውን ሄዶ ብቻውን ይመለሳል፣ ሲመለስም ጓደኞቹ ሁሉ ይሥቁበታል፤ መምህሩ ወዶ ሲሳሳት ግን ክፍሉ በሙሉ በአንድነት ያሸንፋል፣ ሣቁንም የሚሸከመው ትከሻው የጠናው ሰው ይሆናል። ቀልዱም ምሥጢሩ ቶሎ ይገለጥ፤ ለትልቅ ሰው አጭር የሆነች ሰዓት ለሕፃን ረጅም ናትና።

እንግዲህ እናንተ የሕፃናት መምህራን፣ እናንተም ወላጆች፣ አንዳንድ ጊዜ ልጆቻችሁ የሚያርሟት ስሕተት ሆን ብላችሁ አኑሩላቸው እላለሁ። እውነትን በትሕትና መናገር ንቀት አለመሆኑን ሕፃኑ በምክር ብቻ አይማረውም፤ አንድ ጊዜ ተናግሮ፣ ስለ መናገሩም ተመስግኖ ሊያየው ያስፈልገዋል።

ያች ዝምተኛ ልጅ ዓመቱ ሊፈጸም ጥቂት ሲቀረው እንደ ገና ከወንበሯ ተነሣች። 7 እና 8 ደምሬ በሰሌዳው ላይ 14 ብዬ ጽፌ ነበር። «ቲቸር፣ ተሳሳቱ!» አለችኝ። ያን ቀን ግን መቀለዴ አልነበረም፤ በእውነት ተሳስቼ ነበር።