ሐይቁ የሚጀምረው ከጋራው ነው

እኛ ኢትዮጵያውያን የገዛ አገራችንን ስንጎበኝ አስጎብኚ መያዝ አልለመድንም። አስጎብኚ ለፈረንጅ ነው የሚል ነገር ውስጣችን ተቀምጧል። ቋንቋውን እናውቃለን፣ መንገዱን ጠይቀን እንደርሳለን፣ ሆቴሉን በስልክ ይዘናል፤ ታዲያ ለምን ብለን እንከፍላለን? ሐዋሳ የሚመጣ የአዲስ አበባ ሰው ቀኑን እንዴት እንደሚያሳልፍ እዚህ የምንኖር ሁሉ በቃላችን እናውቀዋለን። ጠዋት አሞራ ገደል ዓሣ፣ ረፋድ ላይ ጀልባ ተከራይቶ ጉማሬ ፍለጋ፣ ከሰዓት ታቦር ተራራ ላይ ፎቶ፣ ማታ ሐይቅ ዳር ቡና። ደስ የሚል ቀን ነው፣ አልክድም። ግን ሰውዬው ሐይቁን አይቶ፣ ስለ ሐይቁ ምንም ሳያውቅ ይመለሳል።

ሰሞኑን አክስቴ ልጆቿን ይዛ መጥታ አንድ ወጣት አስጎብኚ ይዘን ዋልን። ልጁ ሐዋሳ ያደገ ነው፤ የእናቱ አገር አርቤጎና፣ ደጋው ነው። ገና መኪና ውስጥ ሳንገባ፣ «እማማ፣ ሐይቁን ማታ እናየዋለን። መጀመሪያ ውሃው ከየት እንደሚመጣ ላሳይዎት» አላት። አክስቴ ግን ለዓሣ ነው የመጣችው፤ «ሳልቀምስ የትም አልሄድም» አለች። እሱም ሳቀና እሺ አለ።

አሞራ ገደል በጠዋት መታየት አለበት። ጀልባዎቹ ዳር ሲደርሱ መረቡ ተጎትቶ ይወጣል፣ ቆሮሶውና አምባዛው ይለያል፣ ልጆቹ ቢላ ይዘው ይቀመጣሉ። ከአጠገባችን የነበረው ልጅ አሥራ ሦስት ዓመት አይሞላውም። ቆሮሶውን በግራ እጁ ጭራው ላይ ይይዝና ከጀርባ አጥንቱ ሥር ቢላውን አንዴ ያስገባዋል፤ አይመለስም፣ አይደግምም። ሁለት ሙልጭ ያሉ ሥጋዎች ሣህኑ ላይ ይወድቃሉ፣ አጥንቱ ደግሞ ወደ ኋላ ይወረወራል። እዚያ አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች በረጃጅም እግሮቻቸው ቆመው፣ ተሰልፈው ይጠብቃሉ። ጥሬውን በዳጣ የሚበላ ይበላል፣ ያልደፈረ የዓሣ ሾርባውን ይጠጣል። አክስቴ ሁለቱንም አደረገች።

ከዚያ ከተማውን ለቀን በሻሸመኔ መንገድ ወጣን። ጥቁር ውሃ ድልድይ ላይ ልጁ መኪናውን አስቆመው። ስንቶቻችን ነን በዚህ ድልድይ ላይ አልፈን ወርደን ያላየን? የሐዋሳ ሐይቅ ዓመቱን ሙሉ የሚፈስለት ወንዝ ይህ ብቻ ነው። ዘጠና ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሆነው ያ ሁሉ ውሃ ከዝናቡና በክረምት ከሚወርደው ጎርፍ ሌላ ተስፋው ይህቺ ወንዝ ናት። ወደ ውጭ የሚወጣ ወንዝ ደግሞ ጭራሽ የለውም። መውጫ የሌለው ሐይቅ ጨዋማ መሆን ነበረበት፤ ጎረቤቶቹ ሻላና አቢጃታ እንደዚያ ናቸው። የሐዋሳ ግን ጨው ያልበዛበት፣ ዓሣ የሚረባበት ውሃ ነው። የሚያጠኑት ሰዎች እንደሚሉት ውሃው ከሥር፣ በምድር ስንጥቅ በኩል ቀስ እያለ ሰርጎ ስለሚሄድ ነው።

ልጁ ግን ሊያሳየን የፈለገው ወንዙን ብቻ አልነበረም። በእጁ ወደ ምሥራቅ፣ ከብት ወደ ተሰማራበት ሰፊ አረንጓዴ ሜዳ አመለከተ። «ያ ጨለለቃ ነው» አለን። የድሮ ካርታ ያገኘ ሰው ጨለለቃ ሐይቅ ተብሎ በሰማያዊ ተቀልሞ ያየዋል። ዛሬ ሐይቅ አይደለም፤ ረግረግና የግጦሽ መሬት ነው። ከወንዶ ገነት ጋራዎች የሚወርዱት ጅረቶች መጀመሪያ የሚገቡት እዚህ ነው። ጋራው ደን በነበረ ጊዜ የሚወርደው ንጹሕ ውሃ ነበር። ደኑ ተመንጥሮ በቆሎና ጫት ሲሆን፣ እንጨቱ ከሰል ሆኖ ሲሸጥ፣ ክረምት በመጣ ቁጥር ቀይ አፈር አብሮ መውረድ ጀመረ። ጨለለቃ ያንን አፈር እንደ ወንፊት እየያዘ ውሃውን ለሐዋሳ ሲያሳልፍ ኖረ፣ በመጨረሻም በያዘው አፈር ራሱ ተሞላ። አሁን አፈሩ ማረፊያ ሲያጣ የሚሄደው ወደ ታች ነው፣ ወደ ሐይቁ። የሐይቁ ጥልቁ ሥፍራ ከሃያ ሁለት ሜትር ብዙም አይበልጥም። ይህንን ቁጥር ከጨለለቃ ታሪክ ጋር አስተያይታችሁ እዩት።

ሐይቁ ሞልቶ ከተማዋን ያሰጋበት ጊዜም ነበር። ዛሬ ፍቅረኛሞች የሚንሸራሸሩበት የሐይቅ ዳር መንገድ በከፊሉ ያኔ ውሃ ለመከላከል የተሠራ ግድብ ነው። ስንቱ ሰው ያንን ያውቃል?

ወንዶ ገነት ስንደርስ ፀሐይዋ ጠንክራ ነበር። ፍል ውሃው የሚፈልቅበት ቦታ ላይ ልጆች በቆሎና ድንች በፌስታል አስረው በገመድ ያንጠለጥላሉ፤ ትንሽ ቆይተው ሲያወጡት በስሏል፣ ይሸጡታል። ወደ ላይ፣ ወደ ደን ኮሌጁ አቅጣጫ ስንወጣ ዝግባው፣ ዋንዛውና ጥቁር እንጨቱ አለ፣ ጉሬዛዎቹ ነጭ ጭራቸውን አንጠልጥለው ከቅርንጫፍ ቅርንጫፍ ይዘላሉ። የዚህ ደን ትራፊ መኖሩ ራሱ ትልቅ ነገር ነው። ኮሌጁ ዛሬ የሐዋሳ ዩኒቨርሲቲ አካል ሲሆን፣ ባለሙያዎችን ሲያሠለጥን ከአርባ ዓመት በላይ ሆኖታል።

ከፍ ካለው ቦታ ላይ ቆመን ወደ ምዕራብ ስናይ ሐይቁ ከታች ተዘርግቷል። ልጁ ያኔ ነው ዋናውን ነገር የነገረን፦ የቆምንበት ጋራ የእሳተ ገሞራ አፍ ጠርዝ ነው። እጅግ በጥንት ዘመን አንድ ግዙፍ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ፣ ከሥሩ ባዶ ሲቀር ወደ ውስጥ ተደረመሰ። የተደረመሰው ሜዳ ላይ ነው ሐይቁም፣ ከተማዋም፣ ኢንዱስትሪ ፓርኩም ያሉት። በሰሜን በኩል የሚታየው ኮርቤቲ ከዚያ በኋላ በዚያው አፍ ውስጥ የበቀለ ነው፤ ገና አልሞተም። በሳተላይት የሚለኩ ተመራማሪዎች እዚያ ያለው መሬት በየዓመቱ በሴንቲ ሜትሮች ከፍ ሲል መዝግበዋል። «ሐዋሳ የሜዳ ሐይቅ ነው» ብዬ ለሰው ስናገር ኖሬ ነበር፤ ተራራ ውስጥ ያለ ሐይቅ መሆኑን እዚያ ቆሜ ነው ያየሁት።

ምሳችንን በአንድ ቤተሰብ ግቢ በላን። አስጎብኚው የሚያውቃቸው ሰዎች ናቸው፤ ከቀን በፊት ደውሎ ፈቃድ ጠይቋል፣ ምን እንደሚከፈላቸውም ተነጋግሯል። ቤቱ በቀርከሃ የተሠራ ነው፣ ዙሪያው እንሰት። የቤቱ እመቤት እንሰት እየፋቁ ነበር። ሳንቃውን ሰያፍ አስደግፈው፣ የእንሰቱን ቅርፊት በአንድ እግራቸው ጣቶች ጨብጠው፣ በቀርከሃ መፋቂያ ከላይ ወደ ታች ይስቡታል። ነጩ ሥጋ ወደ ታች ይወርዳል፣ ቃጫው እጃቸው ላይ ይቀራል። አክስቴ የጉራጌ ልጅ ናት። ዝም ብላ ጥቂት አየችና ነጠላዋን አጣፍታ አጠገባቸው ቁጢጥ አለች። «ጉድጓድ ውስጥ ስንት ጊዜ ታቆዩታላችሁ?» ብላ ጠየቀች። ልጁ ወደ ሲዳምኛ መለሰላቸው፣ እሳቸውም መለሱ፣ እሷም «እኛ ግን ከዚያም በላይ እናቆየዋለን» አለች። ከዚያ በኋላ አስተርጓሚ የሚያስፈልጋቸው አልመሰለኝም፤ ስለ እርሾው፣ ስለ ቅጠሉ፣ ስለ ቡላው በእጅና በፊት ይነጋገራሉ። የአክስቴ ልጆች ቆጮን ከክትፎ ጋር በሆቴል ነው የሚያውቁት። እናታቸው ይህን ያህል የምታውቅ መሆኗን ያን ቀን አወቁ።

የቀረበልን ቡርሳሜ ነበር። ቆጮው ደቅቆ፣ ተጠብሶ፣ በተነጠረ ቅቤ ተለውሶ በሸክላ ሻፌታ ይቀርባል፣ ከጎኑ እርጎ አለ። ሁሉም ከአንድ ሻፌታ ይበላል።

ፊቼ ጨምባላላ የሚባለው የሲዳማ ዘመን መለወጫ መነሻው በዚህ ምግብ ነው ይላል አፈ ታሪኩ። አንዲት ያገባች ሴት በዓመት አንዴ ወላጆቿን ልትጠይቅ ስትሄድ ቡርሳሜ ይዛ ትሄድ ነበር፣ ጎረቤቱም ተሰብስቦ ይካፈለው ነበር። በዓሉ በ2008 ዓ.ም. ኅዳር ወር ዊንድሆክ፣ ናሚቢያ ላይ በዩኔስኮ የዓለም የማይዳሰስ ቅርስ ሆኖ ተመዘገበ። ብዙዎቻችን በቴሌቪዥን የምናውቀው ቄጣላውን፣ ጭፈራውን ነው። ልጁ ግን የነገረን ስለ አያንቶዎች ነው፤ ሌሊት ሰማዩን እያዩ፣ የከዋክብቱንና የጨረቃን አካሄድ እያመሳከሩ የበዓሉን ቀን የሚወስኑት አዋቂዎች። ቀኑ ይታወቅና ለጎሳዎቹ ይነገራል። የሲዳማ ሳምንት አራት ቀን መሆኑንም፣ ዲኮ፣ ዴላ፣ ቀዋዶ፣ ቀዋላንካ እያለ በገበያ ቀን እንደሚቆጠር ሰማን። ዋዜማውን ቤተሰቡ ሁሉ፣ ከብቱ ሳይቀር፣ ከእርጥብ ቅርንጫፍ በተሠራ በር ሥር ያልፋል፤ ሁሉቃ ይሉታል። በበዓሉ ቀን አይታረድም። በማግሥቱ ልጆች «አይዴ ጨምባላላ» እያሉ ቤት ለቤት ይዞራሉ፣ የገቡበት ቤት ቡርሳሜ ያቀርብላቸዋል፤ ለከብቱም የተጠበቀ ለምለም ሣር ይለቀቅለታል።

ከሁሉ በላይ እኔን የያዘኝ ሌላ ነው። በበዓሉ ላይ የጎሳ መሪዎች ሕዝቡን ይመክራሉ፦ ጠንክራችሁ ሥሩ፣ ሽማግሌ አክብሩ፣ በሐሰት አትመስክሩ፣ አትስረቁ፣ አገር በቀል ዛፍ አትቁረጡ። ዛፍ አትቁረጡ የሚለው ምክር ከሌብነትና ከሐሰት ምስክርነት ጎን የሚነገርበት በዓል ነው። ጠዋት ጨለለቃን አይተን ባንመጣ ይህ ዓረፍተ ነገር በጆሯችን አልፎ ይሄድ ነበር። አይተን ስለመጣን ግን ሽማግሌዎቹ የሚጠብቁት ምን እንደሆነ ገባን። ዛፉ ከተቆረጠ አፈሩ ይወርዳል፣ አፈሩ ከወረደ ረግረጉ ይሞላል፣ ከዚያ ተራው የሐይቁ ነው፣ ጠዋት የበላነው ዓሣም ከሐይቁ ጋር። ቅርስና ተፈጥሮ ብለን በሁለት ዓምድ ከፍለን የምንጽፈው ነገር እዚህ አገር ሰዎች ዘንድ አልተከፈለም።

ማታ ጉዱማሌ ደረስን። በፊቼ ጊዜ ሕዝቡ በብዛት የሚሰበሰብበት የሐይቅ ዳር ሜዳ ነው። በአዘቦት ቀን የሄደ እንግዳ ሣርና ዛፍ አይቶ «እና ምን አለ እዚህ?» ብሎ ይመለሳል። የሚነግረው ሰው ከሌለ በእርግጥ ምንም የለም።

ስለ አስጎብኚነት ሁለት ነገር ልበል። ጭፈራ በብር እየታዘዘ ለእንግዳ ሲቀርብ አያለሁ። ወጣቶች በሆቴል መድረክ ላይ ቢጨፍሩና ቢከፈላቸው ሥራቸው ነው፣ ያኮራል። ደጅ የተቀመጡ አዛውንትን ግን «እስቲ ለፎቶ አንዴ» ማለት ነውር ነው፤ ጥሩ አስጎብኚ እንግዳውን ከዚህ ይመልሰዋል። የእኛው ልጅ ሴትዮዋ እንሰት ሲፍቁ ፎቶ ከማንሳታችን በፊት ጠይቆልናል፤ ፊታቸው እንዳይታይ ስለፈለጉ እጃቸውን ብቻ አነሳን፣ ፎቶውም የተሻለ ሆነ። ሁለተኛው ጉማሬ ነው። ጀልባ ነጂዎቹ ወደ ጉማሬው አጉል ሲጠጉ የምንወቅሰው እነሱን ነው። ግን «ትንሽ ቅረብ፣ ቪዲዮ ላንሳ» የሚለው ማነው? ጉማሬ ግልገል ይዛ ስትቆጣ ጀልባ ትገለብጣለች። ነጂው አልጠጋም ሲላችሁ ክፍያችሁን አትቀንሱበት፤ ጨምሩለት።

ዋጋውንም አስቀድማችሁ ተነጋገሩ፤ የአስጎብኚውን፣ የመኪናውንና የምታርፉበትን ቤተሰብ ለየብቻ። አስጎብኚው ከየት አካባቢ እንደሆነና ሲዳምኛ ይናገር እንደሆነ ጠይቁት። አማርኛችን አሞራ ገደል ድረስ ያደርሰናል፤ ከዚያ ወደ ላይ ያለው ዕውቀት በብዛት የተቀመጠው በሲዳሙ አፎ፣ በዚሁ በሲዳምኛ ነው።

ጊዜ ያለው ሰው ደግሞ ለዲላ ሌላ ቀን ይተው። ከሐዋሳ ወደ ደቡብ ዘጠና ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። የጌዴኦ መልክዓ ምድር በ2016 ዓ.ም. መስከረም ሪያድ ላይ በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። ቡናው፣ እንሰቱና ትልልቁ ዛፍ በአንድ ማሳ ላይ ተደራርበው የሚበቅሉበት፣ እንደ ቱቱ ፈላና ጨልባ ቱቲቲ ያሉ የትክል ድንጋይ ሥፍራዎችም ያሉበት ነው። ድንጋዮቹ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት የቆሙ መሆናቸው ይታወቅ ነበር፤ በቅርቡ በአካባቢው የተደረገ ምርመራ ግን ከሥፍራዎቹ አንዱን፣ ሳካሮ ሶዶን፣ ወደ አንደኛው መቶ ክፍለ ዘመን መልሶታል። ከሐዋሳው ጉዞ ጋር በአንድ ቀን አትጨምቁት፤ ሁለቱም ያልቃሉ እንጂ አይታዩም።

ለፊቼ መምጣት ያሰባችሁ፣ ቀኑን በግድግዳ ካላንደር ላይ አትፈልጉት። በየዓመቱ ይለዋወጣል፤ አያንቶዎቹ ሰማዩን አይተው እስኪናገሩ ይጠበቃል። ክልሉ ቀኑን ይፋ እንዳደረገ ግን አልጋ ያዙ፣ ምክንያቱም ያን ሰሞንና በታኅሣሥ ገብርኤል ሐዋሳ ውስጥ ባዶ ክፍል ማግኘት ከባድ ነው።