ውሃ አያስገባም

በዚህች አገር ከሚሰጡ ዋስትናዎች ሁሉ የጫማ ሻጭን ዋስትና የሚያህል አጭር የለም። ሁለት ቃል ነው፤ «ውሃ አያስገባም!» በቃ። ፊርማ የለው፣ ማኅተም የለው፣ ምስክር የለው። ጠንከር ያለ ደንበኛ ከገጠመው ደግሞ ሻጩ ከባንኮኒው ሥር የሃይላንድ ውሃውን ያነሳና በጫማው አፍንጫ ላይ ጠብ ጠብ ያደርግለታል። ውሃው እንደ ዶቃ ድብልብል እያለ ይወርዳል። ሻጩ ቀና ብሎ ያየናል፤ «ከዚህ በላይ ምን ትፈልጋለህ?» እንደማለት ነው። እኛም ከዚህ በላይ ምን እንደምንፈልግ ስለማናውቅ እጃችንን ወደ ኪሳችን እንሰዳለን።

ይኼ ትርኢት የሚያረጋግጠው ነገር ቢኖር ጫማው ከላይ በሰም ወይም በቅባት ነገር መታሸቱን ብቻ ነው። ቁጭ ባለ ጫማ አፍንጫ ላይ በተንጠባጠበ ውሃማ የትኛውም ጫማ አይታማም። ሰው ግን ጫማ የሚያደርገው ሊሄድበት ነው። ሲሄድ ጫማው ከጣቶቹ ሥር ይታጠፋል፤ ቀኑን ሙሉ በእግሩ የሚጓዝ ሰው ያንኑ አንድ ቦታ በሺህ ለሚቆጠር ጊዜ ያጥፈዋል። ውሃ የሚገባው በዚያ እጥፋት ነው፤ መርፌ በበሳው የስፌት ቀዳዳ ነው፤ ምላሱ ከጎንና ከጎኑ ጋር በሚገናኝበት ነው፤ ሶሉ ከቆዳው ጋር በተጣበቀበት መስመር ነው። እነዚህን አራት በሮች ሳይዘጉ አፍንጫውን ውሃ መርጨት፣ በርና መስኮቱ የተገነጠለ ቤት «ጣሪያው አያፈስም» ብሎ እንደ ማከራየት ያለ ነገር ነው።

ቋንቋችንም በዚህ ጉዳይ ሳይቀልድብን አልቀረም። የረባ ምክንያት ሲገጥመን «ውሃ የሚያነሳ» እንለዋለን። የጫማ ነገር ሲሆን የምንፈልገው ጫማው ውሃ እንዳያነሳ፣ የሻጩ ቃል ግን ውሃ እንዲያነሳ ነው። ብዙ ጊዜ የሚደርሰን ተገላቢጦሹ ነው።

በ2002 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ከሁለት ወዳጆቼ ጋር ስሜን ተራሮችን ለማየት ተነስተን ነበር። ለዚሁ ጉዞ ስል አገር ውስጥ የተሠራ፣ ቁርጭምጭሚት የሚሸፍን፣ ሳጥኑ ላይ የተራራ ሥዕል ያለበት የቆዳ ጫማ ገዛሁ። የማን ሥራ እንደሆነ አልናገርም፤ ጉዳዬ ከአንድ ፋብሪካ ጋር አይደለምና። ከሳንቃበር ወደ ግጭ ሲኬድ የጅንባርን ወንዝ መሻገር ግድ ነው። ከዚያ ወዲያ ጓሳና ጅብራ የበቀለበት፣ ውሃ እንደ ስፖንጅ የቋጠረ መሬት አለ። ወንዙን በድንጋይ በድንጋዩ ላይ ተሻገርነው። ከሰዓት በኋላ ዝናቡ መጣ። ግጭ ስንደርስ የቀኝ ጫማዬ ስፌት ካልሲዬን ያሳይ ነበር፤ የግራው ደግሞ ከፊት ለፊቱ አፉን ከፍቷል። ቦታው ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው፤ ሌሊቱ ውርጭ ነው። እሳቱ አጠገብ ተቀምጬ ጫማዬን ስጨምቅ፣ በቅሎ የሚነዳልን ጎልማሳ ቀዳዳ ቀዳዳ ባለው የላስቲክ ጫማው፣ ያለ ካልሲ፣ አጠገቤ ቁጢጥ ብሎ ጥቂት አየኝና፣

«ጋሼ፣ የኔ ያስገባል፤ ግን መልሶ ያስወጣል። የእርስዎ ያስገባል እንጂ አያስወጣም» አለኝ።

ሥነ ጽሑፍ ባስተማርኩባቸው ዓመታት ሁሉ እንዲህ ያለ ጥንቅቅ ያለ ሂስ ሰምቼ አላውቅም።

ነገሩ ግን የሚያስቀው ሰው በሰላም ሲመለስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1935 በጣሊያን አልፕስ፣ ፑንታ ራዚካ በሚባል ተራራ ላይ፣ ስድስት ተራራ ወጪዎች ሞተዋል። አየሩ ድንገት ተለወጠባቸው፤ እግራቸው ላይ የነበረው ጫማ ደግሞ ለዚያ አየር የሚሆን አልነበረም። የሟቾቹ ባልደረባ የነበረው ቪታሌ ብራማኒ ከዚያ ሐዘን ከሁለት ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1937፣ ጥርስ ያለው የጎማ ሶል ይዞ ብቅ አለ። ዛሬ በዓለም ሁሉ የተራራ ጫማ ሥር የሚታየው «ቪብራም» የሚለው ስም የእሱ ስምና የአባቱ ስም ተቆራርጠው የተሰፉበት ነው። እ.ኤ.አ. በ1954 ኬ2 የተባለውን ተራራ ጫፍ ለመጀመሪያ ጊዜ የረገጡት ጣሊያኖችም የተጫሙት ይህንኑ ሶል ነበር። አንዳንዱ ሰው ጥራትን ከመጽሐፍ ሳይሆን ከለቅሶ ቤት ይማራል።

ውሃ የመከላከሉ ጥበብስ ቢሆን ያን ያህል የተሰወረ ምሥጢር አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1969 ቦብ ጎር የተባለ አሜሪካዊ፣ መጥበሻ ላይ የምናውቀውን ቴፍሎን አሙቆ በኃይል ቢስበው እንደ ስስ ሽፋን ተለጠጠ። የሽፋኑ ቀዳዳዎች ለውሃ ጠብታ እጅግ የጠበቡ፣ ለላብ እንፋሎት ግን የሚበቁ ሆኑ። ጎርቴክስ የሚባለው ይኼው ነው። ጫማ ውስጥ ሲገባ ሽፋኑ እንደ ካልሲ ይሰፋና በቆዳውና በገበሩ መካከል ይቀመጣል። የተሰፋ ነገር ሁሉ ደግሞ በመርፌ የተበሳ ነውና እያንዳንዱ ስፌት ከውስጥ በሙቀት በሚጣበቅ ጥብጣብ ይታሸጋል።

ያ ካልሲ እንዴት እንደሚፈተሽ ስታውቁ ትስቃላችሁ። በአየር ይነፋና ውሃ ውስጥ ይነከራል፤ አረፋ ከወጣ ቀዳዳ አለው። ምን አለፋችሁ፣ የሠፈራችን ጎሚስታ ካላማዳሪያውን ገበቴ ውሃ ውስጥ እየነከረ የሚያደርገውን ነው! በትልልቆቹ የዓለም ፋብሪካዎች የሚደረገውን ፈተና እኛ በየመንገዱ ዳር ስናየው አድገናል። ቆዳውም የራሱ ፈተና አለው፤ ውሃ ላይ ተደርጎ በመኪና ይታጠፋል፣ ይዘረጋል፣ ይታጠፋል፣ ይዘረጋል። ውሃ እስኪያልፍ ድረስ ስንት ጊዜ እንደታጠፈ ይቆጠራል። ለከባድ ጫማ የሚሆን ቆዳ 15,000 እጥፋት እንዲችል የሚጠይቁ ገዢዎች አሉ። የሃይላንድ ውሃና የጫማ አፍንጫ እዚህ ፈተና ላይ ቦታ የላቸውም።

ጥራት ግን ከፋብሪካው በር ላይ አይጀምርም፤ የሚጀምረው ከከብቱ ጀርባ ላይ ነው። የበሬው የእሾህ ጭረት፣ የጅራፍ ሰንበር፣ በጋለ ብረት የተተኮሰ ምልክት ሁሉ ቆዳ ሲለፋ ይበልጥ አፍጥጦ ይወጣል። በጎቻችንና ፍየሎቻችን ላይ ቅማልና መሰል ጥቃቅን ተባዮች የሚያመጡት ጉዳት ደግሞ በቆዳው ንግድ ዘንድ «እከክ» የሚለውን የአማርኛ ስም ይዞ ባሕር ተሻግሯል። የደጋ በጋችን ቆዳ ለስስ ጓንት፣ የባቲ ፍየል ቆዳ በጥራቱ በዓለም ገበያ ስም ያላቸው ናቸው፤ ከስማቸው እኩል ስሙ የሚነሳው ግን እከኩ ነው። በበዓል ዋዜማ ደግሞ ሁላችንም አራጆች ነን። በግ የሚገፈው አባወራ ዓይኑ ሥጋው ላይ እንጂ ቆዳው ላይ አይደለም፤ ቢላዋው አንድ ጊዜ ከሳተ ለቆዳው ዕድሜ ልክ ነው። የተገፈፈው ቆዳ በሰዓታት ውስጥ ጨው ካላገኘ መሽተትና ፀጉሩን መልቀቅ ይጀምራል። ድሮ «ቆዳ!» እያለ በየበሩ የሚዞር ሰው ስለነበረ ቢያንስ ዋጋ ያለው ነገር መሆኑን እናውቅ ነበር። ባለፉት ዓመታት ዋጋው ሲወድቅ በበዓል ማግስት ቆዳ መንገድ ዳር ተጥሎ ማየት የተለመደ ሆነ።

ደህና ቆዳ ተገኘ እንበል። ቀጥሎ የሚመጣው ቆራጩ ነው። የአንድ ከብት ቆዳ ሁሉም ቦታው አንድ አይደለም፤ የጀርባው ጠጣር ነው፣ የሆዱ ልል ነው፤ ይለጠጣል፣ ውሃም ይጠጣል። የሚታጠፈው የጫማው ፊት ከጀርባ መቆረጥ አለበት። ነገር ግን ቆዳ በቆጠበ የሚመሰገን ቆራጭ የሆዱን ቁራጭ ከፊት ያስገባታል። ቀለም ሲቀባ ማን ያውቃል? ከዚያ የሚያጣብቀው ይመጣል። የሚጣበቀው ቦታ መሞረድ፣ መጽዳት፣ ማስቲሹ ተቀብቶ በቂ ጊዜ መድረቅ፣ መሞቅ፣ በኃይል መጫን አለበት። ከእነዚህ አንዱ ቢዘለል ጫማው ሱቅ ውስጥ ምንም አይሆንም፤ ኮንትሮባንዱ የሚወጣው ጅንባር ወንዝ ላይ ነው።

በመጨረሻ ተቆጣጣሪዋ ትመጣለች። ሁሉንም ጫማ ፈትታ ማየት አትችልም፤ ስለዚህ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ጀምሮ፣ በመጀመሪያ ለአሜሪካ ጦር ዕቃ መረከቢያ ከተሰናዱ ሠንጠረዦች የወረደ አሠራር አለ። 3,000 ጥንድ ቢሠራ 125 ጥንድ በዕጣ ይወጣል። በተለመደው ልክ ከሆነ፣ ከ125ቱ ውስጥ ከባድ እንከን ያለባቸው 7 ብቻ ከሆኑ ጭነቱ ያልፋል፤ 8 ከሆኑ ጭነቱ በሙሉ ይመለሳል።

ሁሉ ነገር ያለው በዚህች ስምንተኛ ጥንድ ላይ ነው። እስቲ ተቆጣጣሪዋን አስቧት። ስምንተኛዋን እጇ ላይ ይዛለች። መኪናው በር ላይ ቆሟል። ሥራ አስኪያጁ ሰዓቱን ያያል። ያንን ሶል ያጣበቀው ልጅ ምሳ አብሯት የሚበላ፣ እናቱ የታመሙበት፣ ደመወዙ በጥንድ የሚታሰብለት ነው። ታዲያ «ይሄ ደግሞ ምን አላት? ትንሽ ናት እኮ!» ይባላል። ትንሽ ናት እኮ! ይህችን ዓረፍተ ነገር ጠንቅቄ አውቃታለሁ። ዩኒቨርሲቲ ሳስተምር በየሰኔው ቢሮዬ እየመጣች ከፊቴ የምትቀመጥ እሷ ነበረች። አንዳንድ ጊዜ አጎት ሆና፣ አንዳንድ ጊዜ የሥራ ባልደረባ ሆና ትመጣለች። «ሁለት ነጥብ ብቻ ነው የጎደለው፤ ልጁ ደግሞ ጨዋ ነው።» ጨዋነቱን ማንም አልካደም። ነገር ግን ሁለቷን ነጥብ የሚከፍላት እሷን የለመነኝ ሰው አይደለም፤ ከዓመታት በኋላ አንድ ወረዳ ውስጥ በዚያ መምህር ፊት የሚቀመጠው ሕፃን ነው።

ይሉኝታችን እንዲህ ነው። ለምናየው ሰው እናዝናለን፤ ሒሳቡን ግን ለማናየው ሰው እንልካለን። ተቆጣጣሪዋ ስምንተኛዋን ብታሳልፍ ክፉ ሰው ሆና አይደለም፤ ደግ ሆና ነው። ደግነቷን ግን ውርጭ ላይ የሚጨምቃት ሌላ ሰው ነው። «በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት» የሚባለው የግድ በክፋት ብቻ የሚደረግ አይመስለኝም፤ በርኅራኄም ይደረጋል። ስለዚህ እውነተኛ ቁጥጥር የሚያስፈልገው መኪናና ሠንጠረዥ ብቻ አይደለም፤ «አይሆንም» ያለች ሴት በማግሥቱ ሥራዋ ላይ መገኘት መቻሏ ነው። ሳይቃጠል በቅጠል እንዲሉ፣ «አይሆንም»ው ቆራጩ ጋ፣ አጣባቂው ጋ ቀድሞ ቢነገር ደግሞ ያ ልጅም ደመወዙን ባላጣ፣ እሷም ባልተጨነቀች።

ገዢዎቹ እኛስ? ከስሜን ስመለስ ጫማውን ይዤ ወደ ሱቁ ሄድኩ። ሻጩ አገላብጦ አየው፣ አሸተተው፣ ከዚያም በሐዘን ራሱን ነቀነቀና፣

«ጋሼ፣ ውሃ ውስጥ ገብተውበታል እንዴ?» አለኝ።

«ውሃ አያስገባም አላልከኝም?»

«እሱማ አያስገባም። ግን ውሃ ውስጥ ሲገቡበት…»

በጊዜው ሱቁ ውስጥ የነበሩ ሌሎች ደንበኞች ያዩኝ የነበረው እንደ ተበደለ ሰው ሳይሆን እንደ ነገረኛ ነው። አንዷ እናት እንዲያውም «ተወው ልጄ፣ ጫማ ነው፣ ያልፋል» አሉኝ። ገንዘቤ አልተመለሰም። ያስገረመኝ ግን እሱ አልነበረም፤ ከእኔ በፊት ያንን ጫማ የመለሰ ሰው መኖሩን ስጠይቀው «ማንም!» ማለቱ ነው። ዋሽቶኝ ሊሆን ይችላል። አልዋሸኝም ብዬ የማስብበት ምክንያት ግን አለኝ፤ እኛ የተበላሸ ዕቃ አንመልስም። እቤት እንወረውረዋለን፣ ለዘመድ እንሰጠዋለን፣ «ዕድሌ ነው» እንላለን። ፋብሪካው ታዲያ በምን ይወቅ? የእኛ ዝምታ እዚያ ሲደርስ «ደንበኞች ረክተዋል» ተብሎ ይነበባል።

ስለዚህ በሚቀጥለው ጊዜ ሻጩ የሃይላንድ ውሃውን ሲያነሳ አመስግናችሁ አስቀምጡት። ጫማውን እጠፉት፤ ሶሉና ቆዳው የሚገናኙበት ቦታ አፉን ይከፍት እንደሆነ እዩ። እጃችሁን አስገብታችሁ ስፌቱን ዳብሱ። ምላሱ ከጎንና ከጎን እስከ ላይ ተሰፍቶ እንደሆነ ተመልከቱ። ካፈሰሰም መልሱት፤ ነገረኛ ተባሉ። ፋብሪካውን ደግሞ አንድ ነገር ብቻ ልለምነው። ሳጥኑ ላይ፣ ከተራራው ሥዕል አጠገብ፣ «ይህን አይቼ ያሳለፍኩት እኔ ነኝ» የምትል አንዲት የሠራተኛ ቁጥር ይጻፍበት። ቦታ ከጠበበ ተራራው ቢወጣም ግድ የለም።